በርክክብ ሰዓት ሳይነገር የቀረ

ውድ ወዳጄ፣

የመጨረሻው ደብዳቤህ ከደረሰኝ ዓመታት አልፈዋል፤ መልሱን ዛሬ ነገ ስል በመዘግየቴ ይቅርታህን እለምናለሁ። አሁን የምጽፍልህ፣ የደረሰብኝን ነገር በፈረቃ ሥራ አብሮኝ እንደቆየ ሰው ከአንተ የበለጠ የሚረዳው ስለሌለ ነው።

ባለፈው ወር የአንድ ፓምፕ የመምጠጫ ቫልቭ (ውሃ ወደ ፓምፑ የሚገባበትን) ለጥገና ዘግቼ ሳለሁ ፈረቃዬ አለቀ። ተረካቢው ስልክ ላይ ስለነበረ መዝገቡ ላይ «ጥገናው አልተጠናቀቀም» ብዬ ጽፌ ወጣሁ፤ ቫልቩ መዘጋቱን ግን አልጻፍሁም፣ አልተናገርሁምም። ሌሊት ፓምፑን አስነሡት፣ ያለ ውሃም ሲዞር ቆይቶ ተቃጠለ። ማንም አልተጎዳም፤ እኔን ግን የፓይፐር አልፋ ታሪክ እንቅልፍ ነሣኝ።

ፓይፐር አልፋ ከስኮትላንድ ወዲያ፣ በሰሜን ባሕር ላይ የቆመ የነዳጅና የጋዝ ማውጫ መድረክ ነበር። እ.ኤ.አ. ጁላይ 6 ቀን 1988 የቀን ሠራተኞች የአንዱን ፓምፕ የደኅንነት ቫልቭ ለጥገና ፈትተው፣ የተከፈተውን ቧንቧ በብረት ክዳን ለጊዜው ሸፈኑት። ሥራው ሳያልቅ መሸ፤ ኃላፊው በሌላ ጉዳይ ተይዞ ስለነበረም የሥራ ፈቃዱ ወረቀት፣ ማለትም የጥገናው ሥራ የሚፈቀድበትና ሁኔታው የሚመዘገብበት ቅጽ፣ ተፈርሞ ተቀመጠ እንጂ ነገሩ በቃል አልተነገረም። ሌሊት ሁለተኛው ፓምፕ ሲቆምባቸው ሠራተኞቹ ወረቀቶቹን አገላብጠው የመጀመሪያውን ፓምፕ አጠቃላይ ጥገና የሚመለከተውን ፈቃድ አገኙ፣ ያም ሥራ ገና እንዳልተጀመረ ተረዱ፤ የቫልቩን ፈቃድ ግን አላዩትም። ፓምፑን አስነሡት። ጋዙ በክዳኑ ሾልኮ ፈነዳ፣ እሳቱም ከሌሎች መድረኮች በሚመጡት የጋዝ ቧንቧዎች እየተቀጣጠለ 167 ሰዎችን ፈጀ።

ያን ወረቀት አስቀምጦ የሄደውን ሰው ቸልተኛ ለማለት አንደበቴ አይደፍርም፤ የተጠየቀውን ጽፏል፣ ፈርሟልም። እኔም ያን ምሽት ከበሩ ስወጣ ግዴታዬን እንደ ተወጣሁ አምኜ ነበር፤ ከሁሉ የሚያስፈራኝም ይኸው ነው። በዳኛው በሎርድ ከለን የተመራው የአደጋው አጣሪ እ.ኤ.አ. በ1990 ባወጣው ዘገባ ካቀረባቸው 106 ምክረ ሐሳቦች መካከል የሥራ ፈቃድ አሠራርን የሚመለከቱት ሲነበቡ፣ እኛ በየዕለቱ በጥድፊያ የምንሞላውን ቅጽ ከነድክመቱ ያሳያሉ።

አንተ ሁልጊዜ ተረካቢህን እስከ ማሽኑ ድረስ ይዘኸው ሄደህ፣ የተዘጋውንና የተፈታውን በእጅህ እያስነካህ ታስረክብ ነበር፤ ያን ጊዜ ትርፍ ድካም ይመስለኝ ነበር። ከዚያ ሌሊት ወዲህ እኔም እንዲሁ አደርጋለሁ። ሆኖም ተረካቢው ሲቸኩል ወይም ሲዘገይ እንዴት ታደርግ እንደነበር አላስታውስምና፣ እባክህ በዝርዝር ጻፍልኝ።

የዘወትር ወዳጅህ