ለሰዓዳ፣ ስለ በረንዳው

ይድረስ ለውድ እህቴ ለሰዓዳ፣

እንደምን ከርመሻል? ልጆቹስ? ባለቤትሽስ ደህና ነው? እኛ ፈጣሪ የተመሰገነ ይሁን፣ ደህና ነን። በ2014ቱ ክፉ ጊዜ ከተለያየን ወዲህ ድምፅሽን አልሰማሁም። መጀመሪያ ስልኩ ተቋረጠ፤ ስልኩ ሲመለስ አንቺ ጅዳ ገብተሽ ቁጥርሽ ተቀይሮ ጠበቀኝ፤ ከዚያ ወዲህ እኔም በሥራ፣ አንቺም በልጆች ተያዝን። ዛሬ ብዕር ያነሳሁት ልለምንሽ ነው።

ባለፈው ሰንበት እማማን ልጠይቅ ቤታችሁ ሄጄ ነበር። ቡናው ተፈልቶ በረካው ላይ ስንደርስ ወንድምሽ ጥቅል ወረቀት ይዞ ገባና «አንቺ አርክቴክት አይደለሽ? እስቲ እይልን» አለኝ። አሮጌው ቤት ከመስቀል በኋላ ፈርሶ በቦታው ባለ ሦስት ፎቅ ሊቆም መሆኑን የሰማሁት ያን ጊዜ ነው። ማሻአላህ ብያለሁ። በሰው አገር ደክመሽ ያጠራቀምሽው ገንዘብ ለእናትሽ ቤት ሲሆን ማየት ትልቅ ነገር ነው። ንድፉ ግን እንቅልፍ ነሳኝ። ፊቱ ከላይ እስከ ታች ሰማያዊ መስታወት ነው። በረንዳ የለውም። ምድር ቤቱ በመንገዱ በኩል ዳር እስከ ዳር የብረት መዝጊያ ነው። የእማማ መኝታ ክፍል መስኮት ደግሞ የሚያየው የጎረቤትን የብሎኬት ግድግዳ ነው።

ያን በረንዳ እስቲ አስቢው። ርዝመቱ ከቤቱ ጋር እኩል ነው፤ ስፋቱ ግን አንዱ እግሩን ዘርግቶ ሲቀመጥ ሌላው ከፊቱ የሚያልፍበት ያህል ብቻ። ከኋላ አባባ፣ ነፍሳቸውን ይማርና፣ ራሳቸው ቆመው ያስገነቡት ወፍራም የድንጋይ ግድግዳ፣ ከግድግዳው ጋር የተያያዘ መደብ፣ ከላይ ቆርቆሮ፣ ከፊት መንገዱ። የደሴን ብርድ ታውቂዋለሽ። ጠዋት ፀሐይ ከአዝዋ ገደል በላይ ብቅ ስትል የመጀመሪያዋ ሙቀት የምታርፈው እዚያ መደብ ላይ ነው። ድንጋዩ ሙቀቱን ቀስ እያለ ይጠጣውና፣ ከሰዓት በኋላ የጦሳ ተራራ ፀሐይዋን ሲጋርድብን ለጀርባችን መልሶ ይሰጠናል። ደብተር ይዘን ወጥተን ሳንገልጠው የዋልንባቸው ቀናት ስንት ነበሩ! ምን እንደሚያስቀምጠን አንጠይቅም ነበር። አሁን በሙያዬ ሳስበው ይገባኛል። ጀርባችን ተጠብቋል፣ ራሳችን ተከልሏል፣ ዓይናችን ደግሞ ከታች ካሉት ጣራዎች አልፎ ገደሉ አፋፍ ድረስ ይሄዳል። ቤት ውስጥም ነን፣ መንገድ ላይም ነን። አላፊው ሁሉ ሰላም ይለናል፤ እኛም «እንደምን አደሩ» እንላለን። ወደ ውስጥ ቢገባ ቡና ላፍላ ተብሎ የሚያዝ እንግዳ እዚያው መደቡ ላይ ጥቂት አረፍ ይልና ጉዳዩን ነግሮ ይሄዳል። ቤት ለአላፊ አግዳሚው ይህን ያህል ሲያስብ ሌላ ቦታ ብዙ አላየሁም።

ክረምት ሲሆን ደግሞ የዝናቡ ድምፅ አለ። ሐምሌ ላይ ጉሙ ከታች እየወጣ ሆጤን ሲሸፍነው፣ ቆርቆሮው ላይ ዝናቡ ሲወርድ፣ እኛ ሳንረጥብ ዝናቡ መሐል የተቀመጥን ያህል ነበርን። በሶሌታ፣ በኮንክሪት ጣራ ስር ግን ዝናብ አይሰማም፤ መዝነቡን የምታውቂው መንገዱ ሲረጥብ አይተሽ ነው።

ሰዎች ስለ ሕንፃ ውበት ሲያወሩ ሁልጊዜ ከሩቅ የሚታየውን ያነሳሉ፤ ከፍታውን፣ ቀለሙን፣ የመስታወቱን ማብረቅረቅ። እኔ በዚህ አልስማማም። ሕንፃ ደስ የሚያሰኘው ሰውነታችንን ሲያስተናግደው ነው። ብርድ ባለበት ሲያሞቅ፣ ሙቀት ባለበት ሲያቀዘቅዝ፣ የደከመውን ሲያስቀምጥ፣ ብቻውን ያለውን ከሰው ጋር ሲያገናኘው። ንጉሥ ሚካኤል በአይጠየፍ ያሠሩትን አዳራሽ ከነስሙ በልባችን ያቆየነው ግዙፍ ስለሆነ ብቻ ይመስልሻል? እስላሙም ክርስቲያኑም፣ ታላቁም ታናሹም በአንድ ግብር የሚቀመጥበት ቤት ተብሎ ስለሚታወስ ነው። ዛሬም ወደዚያ ኮረብታ ስወጣ ከተማው በሙሉ ከእግሬ ስር ተዘርግቶ ሳየው ድካሜ ይለቀኛል።

አሁን የምሠራው ኮምቦልቻ ነው፤ በየቀኑ የሐረጎን ቁልቁለት እወርዳለሁ፣ ማታ እወጣለሁ። ይህ መንገድ ከየትኛውም ትምህርት ቤት የበለጠ ሙያዬን አስተምሮኛል። ርቀቱ 25 ኪሎ ሜትር ያህል ነው፤ ግን ደሴ በ2,500 ሜትር ገደማ ላይ ስትሆን ኮምቦልቻ 1,850 ገደማ ላይ ነች። ከፍታ 1,000 ሜትር በጨመረ ቁጥር አየሩ 6 ዲግሪ ያህል ስለሚቀዘቅዝ፣ በሁለቱ መካከል 4 ዲግሪ ያህል ልዩነት አለ ማለት ነው። ጠዋት ሹራቤን ለብሼ ሚኒባስ እሳፈርና የመጨረሻው ጠመዝማዛ ላይ ስንደርስ አወልቀዋለሁ። ደሴ ላይ ሰው የሚፈልገው ፀሐይ ነው፤ ኮምቦልቻ ላይ ጥላ። አንድ ፋብሪካ በር ላይ የጠዋቱ ሽፍት ሲወጣ ቆመሽ ብታዪ፣ ልጃገረዶቹ አዲሱን አስፋልት ትተው በአንዲት ዛፍ ጥላ ስር ተጠጋግተው ይቀመጣሉ፤ ጥላው ሲዞር እነሱም አብረው ይዞራሉ። ለዚያች ከተማ ከማንኛውም ሐውልት በፊት ዛፍ ያስፈልጋታል፤ ዛፉም ስር መቀመጫ።

እንግዲህ ሰዓዳ፣ በቢሮ ጠረጴዛዬ ላይ ለሁለቱም ከተማ ያው አንድ ዓይነት ንድፍ ይመጣል። ያው ሰማያዊ መስታወት። ኮምቦልቻ ላይ መስታወቱ ፀሐይዋን አስገብቶ አላስወጣ ስለሚል ሰዉ ከውስጥ መጋረጃ ይጋርዳል፤ መብራት አብርቶ በቀን ይቀመጣል። ደሴ ላይ ደግሞ ቀን ያስገባውን ሙቀት ማታ መስታወቱ ይዞ ስለማያቆየው ከመሸ በኋላ ክፍሉ ይበርዳል። ለሁለቱም ያልታሰበ ነገር ለሁለቱም ይሸጣል። ይህ በጣም ያንገበግበኛል።

አንቺ ካለሽበት ከጅዳ የተሻለ ምስክር የለኝም። አል በለድ የሚሉትን አሮጌውን ከተማ አይተሽዋል? ካላየሽው ልጆቹን ይዘሽ ሂጂ። ግድግዳቸው ከቀይ ባሕር በተገኘ የኮራል ድንጋይ የተሠራ ነው፤ ሮሻን የሚሏቸው ወደ ውጭ የወጡ የእንጨት መስኮቶች ነፋሱን አስገብተው ፀሐይዋን ያስቀሯታል፤ ከውስጥ ያለችው ሴት መንገዱን ታያለች፣ መንገደኛው እሷን አያያትም። በ2014 እንደ ፈረንጆቹ አቆጣጠር በዓለም ቅርስነት ተመዝግቧል። የዚያ አገር ሰዎች ለራሳቸው ሙቀት አስበው ሠሩ። አባባም ለደሴ ብርድ አስበው ሠሩ። እኔ እነዚህን ሁለት ቤቶች እኩል ነው የማከብራቸው።

ወንድምሽ «እያንዳንዱ ሜትር ኪራይ ነው፤ በረንዳ ብተው ምን አገኛለሁ?» አለኝ። ጥያቄው ትክክል ነው፤ ብድሩን የሚከፍለው እሱ ነውና። ሰኞ ገበያ ውሰደኝ አልኩት፤ ሄድን። በረንዳ ያላቸው አሮጌ ሱቆች ፊት ልብስ ሰፊው ሲንጀሩን አውጥቶ ይሰፋል፤ ልብስ ሊያሳጥር የመጣው መደቡ ላይ ይጠብቃል፤ እየጠበቀ ከጎን ካለው ሱቅ ስኳርና ሳሙና ይገዛል፤ ዝናብ ሲመጣ መንገደኛው ሁሉ ይጠለላል፣ ከተጠለሉት ጥቂቶቹ ወደ ውስጥ ይገባሉ። በብረት መዝጊያ ከተደረደሩት አዳዲሶቹ ፊት ግን ሰው አይቆምም፤ ዝናብ ሲጥል ሩጫ ነው። ወንድምሽ ይህን ሲያይ ዝም አለ። አሳመንኩት አልልም፤ እያሰበበት ነው።

ሌላም ነገር ልንገርሽ። ፒያሳ አካባቢ ያለ አንድ አዲስ ሕንፃ ደረጃው ሰፊ ነበር፤ ሲጠናቀቅ ተማሪዎች ጠዋት ፀሐይ ይሞቁበት ጀመር፤ ሽማግሌዎችም ይመጡ ነበር። ከጥቂት ጊዜ በኋላ ባለቤቶቹ ደረጃውን በሰንሰለት አጠሩት። አሁን ማንም አይቀመጥበትም። አልፌ ሳየው ያሳዝነኛል፤ ያ ሕንፃ ለከተማው የሰጠው አንድ ደግ ነገር እሱ ነበር። እንደ ፈረንጆቹ አቆጣጠር በ1970ዎቹ ኒው ዮርክ ውስጥ ዊልያም ኋይት የሚባል ሰው ከነረዳቶቹ አደባባዮችን በካሜራ እየቀረጸ ሰው የት እንደሚቀመጥ ያጠና ነበር። ያገኘው ነገር ለኛ አዲስ አይደለም፦ ሰው መቀመጫ ባለበት ይቀመጣል፣ ከሁሉም በላይ ደግሞ ሌላ ሰው ወዳለበት ይሄዳል። ከተማው ይህን ተቀብሎ በ1975 ደንቡን አሻሻለና አዲስ አደባባይ የሚሠራ ሁሉ መቀመጫ እንዲያዘጋጅ አስገደደ። እኛም ጋ መንገዱ እየሰፋ፣ መብራቱ እየበራ ነው፤ አመሻሽ ላይ ሰው ከልጆቹ ጋር ሲንሸራሸር አያለሁ፣ ደስም ይለኛል። ሆኖም መራመድ ብቻ አይበቃም፤ እንደ እማማ ያሉት የት ይረፉ?

እማማን ካነሳሁ መስኮታቸውን አደራ። ጉልበታቸው እየደከመ ስለሆነ ከእንግዲህ ብዙውን ቀን እዚያ ክፍል ነው የሚያሳልፉት። ሮጀር ኡልሪክ የተባለ ተመራማሪ እንደ ፈረንጆቹ በ1984 ያወጣው ጥናት አለ፤ በፔንሲልቬንያ አንድ ሆስፒታል የሐሞት ከረጢት ቀዶ ሕክምና የተደረገላቸውን ሰዎች አነጻጽሯል። ከመስኮታቸው ዛፍ የሚታያቸው፣ የጡብ ግድግዳ ብቻ ከሚታያቸው ቀድመው ከሆስፒታል ወጡ፤ ጠንካራ የሕመም ማስታገሻም ያነሰ ወሰዱ። ሕመምተኛው ያው፣ ሕክምናው ያው፤ የሚለየው የሚያዩት ነገር ነው። ታዲያ እናታችን ዕድሜ ልካቸውን ጦሳን ሲያዩ ኖረው አሁን ብሎኬት ይዩ? ጓሮ ያለችው ኮክ ገና ታፈራለች። ክፍሉን በሌላው ጥግ ካደረግነው ኮኳም ተራራውም ይታያቸዋል። ወጪው አይጨምርም፤ መታጠቢያ ቤቱና መኝታ ቤቱ ቦታ ይለዋወጣሉ፣ በቃ።

የምለምንሽ ይህን ነው። ፎቁ ይቆም፤ ለልጆችሽም ለወንድምሽም ይሁን። ግን ምድር ቤቱ ከመንገዱ ሁለት ሜትር ተኩል ወደ ውስጥ ይግባና ላዩ ያለው ፎቅ ጣራ ይሁነው፤ ያ በረንዳችን ነው። በላይኞቹ ፎቆችም በምሥራቅ በኩል ጠባብ በረንዳ ይኑር፤ ጠዋት ልብስ የሚሰጣበት፣ ሰው ፀሐይ የሚሞቅበት። መስታወቱን በግማሽ ቀንሰን ቀሪውን ድንጋይ እናልብሰው። የአባባን ጥርብ ድንጋይ አንድ በአንድ ነቅለን ለመደቡ እናውለዋለን። ላዩ በመቀመጥ ብዛት ለስልሷል፤ እንዲህ ያለውን ዛሬ ልግዛ ብትዪ አታገኚም። ንድፉን እኔ እሠራዋለሁ። ገንዘብ ብታነሺብኝ እቀየምሻለሁ።

ከሠራተኞቹ አንዱ ድንጋዩን የሚገዛ ሰው አግኝቻለሁ ብሎ ለወንድምሽ ነግሮታል። ስለዚህ ይህ ደብዳቤ እንደደረሰሽ፣ ስለ ሌላው ገና ባትወስኚም እንኳ፣ ለወንድምሽ ደውለሽ ድንጋዩ እንዳይሸጥ ንገሪው። እስኪወሰን ድረስ የኛ ግቢ ቦታ አለ፤ እዚያ እናስቀምጠዋለን። ስልክ ቁጥሬ አልተለወጠም። ማታ ማታ ከሁለት ሰዓት በኋላ ቤት ነኝ፤ ደውዪልኝ። የልጆቹን ፎቶግራፍም ላኪልኝ፤ እማማ ለማንም የማያሳዩት አንድ ብቻ ነው ያላቸው።

እህትሽ
ደሴ