ግልጽ ደብዳቤ፦ የቀረጻ ፈቃድ ሰዓቱ ከፀሐይ ጋር ይስማማ

ለጎንደር ከተማ ባህልና ቱሪዝም መምሪያ፣

ኩባንያ ሳይኖረው ራሱ ጽፎ ራሱ የሚያዘጋጅ ፊልም ሠሪን ከሁሉ በላይ የሚጎዳው የባከነ ቀን ነው። ካሜራና መብራት የሚከራዩት በቀን ነው፤ ዕቃው ከሻንጣ ባይወጣም ኪራዩ ይከፈላል። አንድ ገጽ ስክሪፕት በግምት አንድ ደቂቃ ፊልም ይወጣዋል። አነስተኛ ቡድን በቀን ከ3 እስከ 5 ገጽ ቢቀርጽ፣ 90 ገጽ ከ18 እስከ 30 ቀን ይፈጃል። ከዚህ ላይ ጥቂት ቀን ፈቃድ ሲጠበቅ ካለፈ ደራሲው የጻፈውን ትዕይንት ወደ መሰረዝ ይገባል።

ዋናው ጥያቄያችን የፋሲል ግቢን ይመለከታል። ለቀረጻ የሚመቸው ብርሃን ከንጋት እስከ 2፡30 ገደማ፣ ከዚያም ከ10፡30 ፀሐይ እስክትጠልቅ ያለው ነው። እኩለ ቀን ላይ ፀሐይ አናት ላይ ስለምትሆን የተዋናዩ ዓይን በጥላ ይዋጣል፤ የግንቡ ድንጋይም ጠፍጣፋ ሆኖ ይታያል። ጠዋት የተጀመረ ንግግር 6 ሰዓት ላይ ቢጨረስ ሁለቱ ምስሎች ኤዲቲንግ ላይ አይገጥሙም። ፈቃዱ በጎብኚ መግቢያ ሰዓት ከታሰረ ታዲያ ጥሩው ብርሃን ቡድኑ በር ላይ ቆሞ ያልፋል። ቡድኑ ከንጋቱ 11፡45 ጀምሮ ከጥበቃ ጋር ይግባ፤ የጥበቃውን የትርፍ ሰዓት ክፍያ ቡድኑ ይሸፍን። ጎብኚም አይጉላላም።

የቅርሱ ደኅንነት እኛንም ያሳስበናል። የትራይፖድ (የካሜራ መቆሚያ) እግር ጎማ ይልበስ፤ ግድግዳ ላይ ሚስማርም ፕላስተርም አይነካ። ደብረ ብርሃን ሥላሴ ውስጥ ሥዕሎቹን የሚያሞቅ መብራት ፈጽሞ አይብራ፤ ብርሃን በደንብ የሚያስገባ ሌንስ ይበቃል። ይህ ሁሉ በፈቃዱ ላይ በግዴታነት ይጻፍ።

ማመልከቻው አንድ ቅጽ ይሁን፤ የትዕይንት ቁጥር፣ ቦታ፣ ሰዓት፣ የሰውና የዕቃ ብዛት ይያዝበት። ዝናብ ቢጥል የሚተካ ቀን አብሮ ይፈቀድ። ክፍያው በቡድኑ መጠን ይለይ፤ አምስት ሰው ይዞ የሚመጣና የማስታወቂያ ድርጅት እኩል ሊከፍሉ አይገባም። ጥምቀት ግን ድጋሚ ቀረጻ የለውምና የካሜራ ቦታ ከከተራ በፊት ቢታወቅ መልካም ነው።

ፊልም ሠሪው ኃይሌ ገሪማ የተወለደው ጎንደር ነው፤ ጽፎ ያዘጋጀው «ጤዛ» የተሰኘ ፊልም በ2008 እ.ኤ.አ. በቬኒስ የፊልም ፌስቲቫል ላይ የዳኞች ልዩ ሽልማትንና የምርጥ ስክሪፕት ሽልማትን ወስዷል። ዛሬ በዚህች ከተማ ስክሪፕት የሚጽፉ ወጣቶች አሉ። ፈቃድም ሆነ ክልከላ ምክንያቱ ተገልጾ በ5 የሥራ ቀን በጽሑፍ ይሰጣቸው።

ከአክብሮት ጋር፣
በጎንደር የምንሠራ ደራሲያንና አዘጋጆች