የፊልም ክበብ፦ በጆሮ መቁረጥ

የፊልም ክበባችን ዘንድሮ ጊዜውን ያዋለው በኤዲቲንግ (የተቀረጸን ምስልና ድምፅ ቆርጦ በማቀናጀት) ላይ ነው። ለጥናት የተመረጡት ፈረንሳያዊቷ ኤዲተር አኜስ ጊየሞ ናቸው። እ.ኤ.አ. በ1931 በሰሜን ፈረንሳይ ሩቤ ከተማ ተወልደው፣ ፓሪስ በነበረው ኢዴክ የፊልም ትምህርት ቤት ሠልጥነዋል። በ1960 የተቀረጸውን የዣን-ሉክ ጎዳርን «ትንሹ ወታደር» ኤዲት ካደረጉት አንዷ ናቸው፤ ፊልሙ በአልጄሪያ ጦርነት የተነሳ ታግዶ ለሕዝብ የቀረበው በ1963 ነው። ከ1968 እስከ 1970 ከፍራንሷ ትሩፎ ጋር አራት ፊልሞች ሠርተዋል። የሁለቱ ዳይሬክተሮች ስልት እጅግ የተራራቀ ነው፤ ለሁለቱም መሥራት መቻላቸው ብቻውን ብቃታቸውን ይመሰክራል።

አብዛኛው ተማሪ ኤዲቲንግ ማለት ምስል መቁረጥ ይመስለዋል። ጊየሞ ኤዲት ያደረጉት፣ በ1964 የወጣው የጎዳር ፊልም «ባንድ አ ፓር» ይህን ግምት ያፈርሳል። ሦስት ወጣቶች ካፌ ውስጥ ተቀምጠው አንድ ደቂቃ ዝም እንበል ይባባላሉ። ወዲያው ንግግሩም፣ የብርጭቆው ኳኳታም፣ የካፌው ጫጫታም ድርግም ይላል። ዝምታው የሚቆየው 36 ሰከንድ ያህል ነው፤ ለተመልካች ግን በጣም ይረዝማል። ቀጥለው ሲጨፍሩ ደግሞ ሙዚቃው በየመሃሉ ይቋረጥና ኮቴያቸውና ጭብጨባቸው ብቻ ይቀራል፤ በዚያ ክፍተት ተራኪው ይናገራል።

በ35 ሚሊ ሜትር ፊልም አንድ ሰከንድ 24 ፍሬም (ነጠላ ምስል) ነው፤ በርዝመት 45.6 ሴንቲ ሜትር። ስለዚህ ያ ዝምታ 864 ፍሬም ሆኖ ከ16 ሜትር ይበልጣል። ምስሉ በአንድ ጥቅልል፣ ድምፁ በሌላ መግነጢሳዊ ጥቅልል ላይ ሆኖ በኤዲቲንግ ጠረጴዛው ጎን ለጎን ይሄዳሉ። ከምስሉ ሁለት ፍሬም ተቆርጦ ከድምፁ ካልተቆረጠ፣ ከዚያ በኋላ ያለው ንግግር ሁሉ ከከንፈር ጋር አይገጥምም። የተቆረጠው ፊልም በሙጫ ሲጣበቅ ከጫፉ ፍሬም ይጠፋል፤ ግልጽ ቴፕ ግን ምንም ሳያስጎድል ይፈታል፣ ሐሳብን መለወጥም ያስችላል።

በኮምፒውተርም ያው የድምፅና የምስል አለመግጠም አለ፤ ምክንያቱ ግን ሌላ ነው። ስልክ በሰከንድ የሚቀርጸው ፍሬም እንደ ብርሃኑ ከፍ ዝቅ ስለሚል፣ ድምፁ ቀስ በቀስ ከምስሉ ይርቃል። መፍትሔው ቁርጥራጩን ሁሉ ከኤዲቲንግ በፊት ወደ ቋሚ 25 ፍሬም መቀየር ነው። ድምፅ ለብቻ ከተቀዳ፣ በየቀረጻው መጀመሪያ ካሜራው ፊት አንዴ ማጨብጨብ ያስፈልጋል፤ መዳፎቹ የሚገናኙበትን ፍሬም ከድምፁ ሹል ጫፍ ጋር ማጋጠም ብቻ ነው የሚቀረው።

ተማሪዎች በጣም የሚስቱት ዝምታ ላይ ነው። በንግግር መሃል ያለን ፋታ ባዶ ሲተዉት ድምፅ ማጉያው የተበላሸ ይመስላል። ጎዳር ፊልም ውስጥ ፍጹም ዝምታ የሠራው ገጸ ባሕርያቱ አስቀድመው ስላወጁት ነው። ለተራ ፋታ ግን የክፍሉን የራሱን አየር፣ ማለትም ማንም ሳይናገር የሚሰማውን ድምፅ፣ 30 ሰከንድ ቀድቶ ከሥር ማንጠፍ ይገባል። ከአንዱ ተናጋሪ ወደ ሌላው ሲታለፍም የሁለተኛውን ድምፅ ከምስሉ ከ6 እስከ 12 ፍሬም ማስቀደም ቁርጡን ያለሰልሰዋል።

ለመጪው ዓመት ክበቡ ከካሜራ ይልቅ በቅድሚያ የሚያስፈልገው ልብስ ላይ የሚሰካ አንድ ማይክሮፎን ነው።