ስለ ቼዝ ጀግኖች ስትጽፉ ጨዋታቸውንም አሳዩን

ይድረስ ለጋዜጣው ዝግጅት ክፍል

እዚህ ደብረ ብርሃን ልጆችን ቼዝ የምናስተምር ሰዎች በስፖርት ገጻችሁ ስለ ታላላቅ ተጫዋቾች የሚወጣውን ጽሑፍ ተቀባብለን እናነባለን። ደስ ይለናል፤ ነገር ግን አንድ ትልቅ ነገር ይጎድለዋል። አሜሪካዊው ፊሸር በ15 ዓመቱ ግራንድማስተር (የቼዝ ከፍተኛ ማዕረግ ያለው) መሆኑ ይነገራል፤ ሌላው አሜሪካዊ ሞርፊ ገና በወጣትነቱ ጨዋታውን መተዉ ይነገራል። ሰዎቹ ቦርዱ ላይ ምን እንደሠሩና ምን እንዳጠኑ ግን አይነገርም። ልጆቻችን ከዚህ የሚይዙት «ቼዝ ከእናት ማህፀን ይዘውት የሚወለዱት ነው» የሚለውን ነው። ይህ ተስፋ ያስቆርጣል፤ እውነትም አይደለም።

የኩባውን ካፓብላንካን እንውሰድ (ዓመቶቹን የምንጽፈው በአውሮፓውያን አቆጣጠር ነው)። በ1921 ሃቫና ላይ፣ ለ27 ዓመት የዓለም ሻምፒዮን ሆኖ የቆየውን ላስከርን 4 ጊዜ አሸንፎ፣ 10 ጊዜ አቻ ወጥቶ፣ አንድም ሳይሸነፍ ማዕረጉን ወሰደ። ከ1916 እስከ 1924 መጀመሪያ ድረስም በውድድር የረታው አልነበረም። ይህ ሰው ለጀማሪ የሚመክረው ምንድን ነው? ከመክፈቻ ሳይሆን ከመጨረሻው፣ ጥቂት ጠጠሮች ብቻ ከቀሩበት ቦታ እንዲጀምር ነው። የኛ ልጆች የሚያደርጉት ተቃራኒውን ነው፤ ከስልክ ላይ 12 የመክፈቻ እርምጃ ይሸመድዳሉ፣ ተጋጣሚያቸው በ4ኛው ላይ ሌላ ነገር ሲጫወት ግራ ይጋባሉ።

ይህን በአንድ ምሳሌ እናሳይ (ፊደሉ የቦርዱን ዓምድ ከኤ እስከ ኤች፣ ቁጥሩ ረድፉን ከነጭ በኩል ከ1 እስከ 8 ያመለክታል፤ ወታደር የመጨረሻው ረድፍ ከደረሰ ንግሥት ይሆናል)። የነጭ ንጉሥ ኢ5፣ ወታደሩ ኢ6 ላይ ነው። የጥቁር ንጉሥ ኢ7 ላይ ብቻውን ቆሟል፤ ተራው የጥቁር ነው። መሄጃው ሦስት ብቻ ነው፦ ዲ8፣ ኢ8 እና ኤፍ8። ብዙ ልጅ ወደ ጎን ይሸሽና ይሸነፋል። ዲ8 ከሄደ ነጭ ንጉሡን ዲ6 አምጥቶ ፊት ለፊት ይገጥመዋል፤ ጥቁር ኢ8 ሲል ወታደሩ ኢ7 ይገባል፤ ጥቁር ኤፍ7 ከመውጣት ሌላ ምርጫ የለውም፤ ነጭ ንጉሡን ዲ7 ያስገባና ወታደሩ ንግሥት ይሆናል። ትክክለኛው መንገድ ቀጥ ብሎ ወደ ኢ8 ማፈግፈግ ነው። ነጭ ዲ6 ሲመጣ ጥቁር ዲ8 ላይ ይገጥመዋል፤ ወታደሩ ኢ7 ገብቶ ቼክ ሲለው ወደ ኢ8 ይመለሳል። አሁን ነጭ ንጉሡን ኢ6 ካላመጣ ወታደሩ ይበላበታል፤ ካመጣ ደግሞ የጥቁር ንጉሥ ቼክ ሳይባል መሄጃ ያጣል፤ አቻ። በዚህ ቦታ ሁለት ልጆች ጎን እየቀያየሩ አሥር አሥር ጊዜ ቢጫወቱ፣ በኋላ በቀላሉ አይረሱትም።

«ይህ ለጀማሪ ነው» የሚል ቢኖር የ2024ቱን የዓለም ሻምፒዮና ያስታውስ። ዲሴምበር 12 ቀን ሲንጋፖር ላይ ማዕረጉን የያዘው ቻይናዊው ዲንግ ሊረንና ተፎካካሪው ህንዳዊው ጉኬሽ 6.5 ለ 6.5 ሆነው የመጨረሻውን 14ኛ ጨዋታ ያዙ። ዲንግ አንድ ወታደር ቢያንሰውም አቻ የሚወጣበት ቦታ ላይ ነበር። በ55ኛው እርምጃ ግንቡን ኤፍ2 ላይ አኑሮ ለመለዋወጥ ጠየቀ። ጉኬሽ ግንቡን በላ፤ ቀጥሎ ቢሾፑን (በሰያፍ የሚሄደውን ጠጠር) ዲ5 ላይ አስቀመጠ። የዲንግ ቢሾፕ ኤ8 ጥግ ላይ ነበርና ከልውውጡ የሚያመልጥበት አልነበረውም። ለጉኬሽ ንጉሥና ሁለት ወታደር፣ ለዲንግ ንጉሥና አንድ ወታደር ቀሩ፤ ይህ ለጉኬሽ ድል መሆኑን ደግሞ ሁለቱም ከልጅነታቸው ያውቁታል። ዲንግ በ58ኛው እጁን ሰጠ፤ ጉኬሽም በ18 ዓመቱ ሻምፒዮን ሆነ። ካስፓሮቭ በ1985 ይህንኑ ማዕረግ ሲያሸንፍ 22 ዓመቱ ነበር።

ሞርፊም እንዲሁ ነው። በ1858 ፓሪስ ኦፔራ ቤት ውስጥ፣ የብራውንሽቫይግ መስፍንና አንድ ኮንት (መኳንንት) ጥቁሩን ይዘው እየተመካከሩ ሲገጥሙት በ17 እርምጃ ረታቸው። በጋዜጣ የሚወራው ንግሥቱን መስጠቱ ነው። ልጆች ማየት ያለባቸው ግን ሌላ ነው፦ ጨዋታው ሲያልቅ የጥቁር የንጉሥ ወገን ቢሾፕና ግንብ ከተነሡበት ቦታ ፈቀቅ አላሉም ነበር። ሞርፊ በ12ኛው እርምጃ ንጉሡን ወደ ንግሥቲቱ ወገን አሻግሮ ግንቡን መሐል አምጥቷል። ንግሥቱን የሰጠው ይህ ሁሉ ከተሠራ በኋላ ነው።

ከሁሉ ይበልጥ እንዲጻፍልን የምንፈልገው የሶቪየቱ የዓለም ሻምፒዮን የቦትቪኒክ ነገር ነው። በ1960 በወጣቱ ታል 12.5 ለ 8.5 ተሸነፈ፤ በ1961 ደግሞ በ49 ዓመቱ 13 ለ 8 አሸንፎ ማዕረጉን አስመለሰ። የራሱን ጨዋታ ያለ ርኅራኄ በጽሑፍ ይመረምር ነበር፤ በኋላ የዓለም ሻምፒዮን የሆኑትን ካርፖቭንና ካስፓሮቭን ያስተማረውም እንዲሁ እያለ ነው። ይህ ደብተርና እስክሪብቶ ብቻ ይጠይቃል። ተማሪው ጨዋታውን እየጻፈ ይጫወት፤ ለዚህ ለእያንዳንዱ ወገን ቢያንስ 30 ደቂቃ ያስፈልጋል፣ በ3 ደቂቃ ጨዋታ አይሆንም። በማግስቱ ከሚያውቀው የወጣበትን እርምጃ፣ ሐሳቡን የቀየረበትን እርምጃና የተሳሳተበትን እርምጃ ከነምክንያቱ ይጻፍ። ጨዋታውን የሚመረምርለትን የስልክ ፕሮግራም የሚከፍተው መጨረሻ ላይ ነው። መጀመሪያ ከከፈተው መልሱን ያየዋል እንጂ ለምን እንደሳተ አያውቅም፤ ያንኑ ስሕተት በሳምንቱ ይደግመዋል።

ስለ ሴቶቹም ጻፉ። የሃንጋሪዋ ዩዲት ፖልጋር በ1991 በ15 ዓመት ከ4 ወሯ ግራንድማስተር ሆና የፊሸርን የዕድሜ ሪከርድ ሰበረች፤ በ2002 ካስፓሮቭን በፈጣን ጨዋታ ረታች፤ ለሴቶች የዓለም ማዕረግም ተወዳድራ አታውቅም፣ ከወንዶቹ ጋር ነበር የምትገጥመው። ሴት ልጅን ከቦርዱ የሚያርቁ ወላጆች ይህን ቢያነቡ ትልቅ ነገር ነው።

የዕቃ ነገር ሰበብ አይሁን። ካርቶን ላይ በ5 ሳንቲ ሜትር ካሬ 64 ቤት ቢሠመር ጎኑ 40 ሳንቲ ሜትር የሆነ ሙሉ ቦርድ ይወጣል፤ በቀኝ እጅ ጥግ ያለው ቤት ነጭ መሆኑን ብቻ ማረጋገጥ ነው። ለዳማ የምንጠቀምበት ቆርኪ ላይ ወረቀት ተለጥፎ «ን»፣ «ግ»፣ «ፈ» እየተባለ ቢጻፍበት ያጫውታል። 8 ልጆች ሁሉም ከሁሉም ጋር ቢጋጠሙ 7 ዙር፣ 28 ጨዋታ ነው፤ ሁለት ቅዳሜ ይበቃል።

ስለዚህ ከእያንዳንዱ የሕይወት ታሪክ ሥር አንድ የቦርድ ሥዕልና የአንድ ጨዋታ እርምጃዎችን እንድታወጡ እንጠይቃለን። ጥያቄውን በአንዱ ሳምንት፣ መልሱን በሚቀጥለው። ከማን እንጀምር ካላችሁ ከፖላንዳዊው አኪባ ሩቢንስታይን ይሁን። በ1912 ብቻ አምስት ውድድሮችን በአንደኝነት የጨረሰ፣ በግንብ ፍጻሜ (ንጉሥ፣ ግንብና ወታደር ብቻ በሚቀሩበት የጨዋታ መጨረሻ) ደግሞ የሚወዳደረው ያልነበረ ሰው ነው፤ ከሸዋ ሮቢትና ከመሀል ሜዳ የሚመጡ ልጆች ያሸነፉትን ጨዋታ ብዙ ጊዜ የሚጥሉትም እዚያው ላይ ነው።

ቼዝ አስተማሪዎች
ደብረ ብርሃን፣ ሰሜን ሸዋ