ሳይጠየቁ የሚባረሩ ሰራተኞች ጉዳይ

ይድረስ ለዝግጅት ክፍሉ፣

ሰላም ጤና ይስጥልኝ። ሰሞኑን ታክሲ ውስጥም ቢሮም "ሌባን ደሞ ምን ኮሚቴ ያስፈልገዋል፣ ጠርጎ ማስወጣት ነው" ሲባል እየሰማሁ ዝም ማለት ስላቃተኝ ነው የምጽፈው። እኔ በአንድ የፌደራል መስሪያ ቤት አራት አመት የዲሲፕሊን ኮሚቴ ፀሐፊ ነበርኩ። ሌባ አላየሁም አልልም። ለባለጉዳዩ የሚሰጠው ደረሰኝ ላይ አንድ ሺ ብር ጽፎ ጉርዱ ላይ መቶ ብር የሚያስቀር ገንዘብ ያዥ በአይኔ አይቻለሁ፣ ተባረረ፣ ደግ አደረጉ። እሱ ግን ክሱ በጽሁፍ ተሰጥቶት፣ ጉርዱ ፊቱ ተቀምጦ፣ ባለጉዳዮቹ መጥተው መስክረውበት ነው የሄደው።

የሚያንገበግበኝ የሌላዋ ነው። ይቺ ልጅ ገንዘብ ያዥ ነበረች፣ ዘጠኝ አመት የሰራች። የውስጥ ኦዲት ሐሙስ ዕለት "ጉድለት ተገኝቷል" ብሎ ሪፖርት አወጣ፣ አርብ ጠዋት ካዝናዋ ታሸገ፣ ሰኞ የስንብት ደብዳቤ ተሰጣት። ኮሚቴው ተሰብስቦ አያውቅም። ማክሰኞ አለቃዬ ጠርቶኝ "ቃለ ጉባኤውን ከስንብቱ በፊት ባለ ቀን አርገህ ጻፍ፣ ተጠይቃ በቂ መልስ አልሰጠችም በል" አለኝ። ጻፍኩት። የልጆች አባት ነኝ፣ ፈራሁ፣ ግን ጻፍኩት።

አምስት ወር ቆይቶ ሂሳብ ክፍል መዝገቡን ከባንክ ጋር ሲያስታርቅ ብሩ ተገኘ። መስሪያ ቤቱ ሁለት አካውንት አለው፣ ልጅቷ የሰኔን ገቢ በመጨረሻው ቀን ተጣድፋ ስታስገባ በፕሮጀክቱ አካውንት አስገብታዋለች፣ የባንክ ስሊፑም የፕሮጀክቱ ፋይል ውስጥ ተሰፍቶ ተቀምጧል። ሳንቲም አልጎደለም። አንድ ቀን ብቻ አስቀምጠን "ይሄ ብር የት ገባ?" ብንላት ኖሮ አስር ደቂቃ አይፈጅም ነበር። አለቃው ሲነገረው ያለው ነገር "ደብዳቤው እኮ ወጪ ሆኗል፣ ቦታውም ተይዟል" ነው። በዛ መሀል ዋሷ የነበሩት አስተማሪ ጉድለቱን ክፈሉ የሚል ደብዳቤ ደርሷቸዋል፣ እሷም ክሊራንስ፣ ማለት ከእዳ ነጻ ናት የሚል ወረቀት፣ ስለተከለከለች ሌላ ቦታ መቀጠር አልቻለችም፣ ይግባኝም አላለችም፣ በሀፍረት ሰፈር ቀይራ ስልኳንም ዘግታ ነበር። ስም ከመቃብር በላይ ይውላል በሚባልበት አገር ሌባ ተብሎ መውጣት ምን ማለት እንደሆነ ለዚህ ጋዜጣ አንባቢ አልነግርም።

ህግ ጠፍቶ ቢሆን አንድ ነገር ነው። የፌደራል መንግስት ሰራተኞች የዲሲፕሊን ደንብ ቁጥር 77/1994 ክስ በጽሁፍ ይሰጥ፣ ተከሳሹ መልስ ይስጥ፣ ማስረጃውን ያቅርብ፣ ምስክር ይሰማ ይላል። እኛ ስንሰራበት የነበረው የመንግስት ሰራተኞች አዋጅ 515/1999፣ ኋላም 1064/2010፣ ከስራ ማገድን ፈቅዶ ነበር፤ ሰነድ ያጠፋል፣ ማስረጃ ይሸሽጋል ተብሎ የተሰጋ ሰው ምክንያቱ በጽሁፍ ተገልጾለት እስከ ሁለት ወር ድረስ ይታገድ ነበር፣ ነጻ ከሆነ የተያዘበት ደሞዝ ይመለስለት ነበር። እንግዲህ "ካዝናው ላይ ተቀምጦ ይዝረፈን ወይ?" ለሚሉ መልሱ እዚሁ አለ፣ አግዱትና መርምሩ። ማገድ ስትችሉ ለምን በአንድ ቅዳሜና እሁድ ታባርራላችሁ?

ከበላይ አካል የመጣውም ምሳሌ ጥሩ አልነበረም። በ2000 ዓ.ም የወጣውን የገቢዎችና ጉምሩክ ሰራተኞች ደንብ ቁጥር 155 ያነበበ ያስታውሳል፣ አንቀጽ 37 ዋና ዳይሬክተሩ በሙስና የጠረጠረውንና እምነት ያጣበትን ሰራተኛ መደበኛውን የዲሲፕሊን ስርአት ሳይከተል ማሰናበት ይችላል ይል ነበር፣ ቀጥሎ ደሞ የተሰናበተው ሰው በየትኛውም የዳኝነት አካል ውሳኔ ወደ ስራ የመመለስ መብት የለውም ይል ነበር። ህገ መንግስቱ ላይ ፍትህ የማግኘት መብት የተጻፈበት አንቀጽም 37 ነው! መጀመሪያ ሳነበው ደጋግሜ ነው ያየሁት። "ጠረጠርኩ" የሚል ቃል ብቻውን የሰው እንጀራ መቁረጫ ሆነ። ከዛ በኋላ ደንቡ የማይመለከታቸው መስሪያ ቤቶች ያሉ ሀላፊዎች ጭምር እንደ ልማድ ይዘውት ቀሩ፣ ቢያንስ የኛ አለቃ አፉ ላይ "እምነት አጥተንብሃል" የምትለዋ ቃል አትጠፋም ነበር።

ሌላው ብዙ ሰው የማያውቀው ነገር፣ የዲሲፕሊን ቅጣት ከወንጀሉ ክስ ጋር አይያያዝም። ፍርድ ቤት በነጻ ቢያሰናብትህም መስሪያ ቤቱ መልሶ የመቅጠር ግዴታ የለበትም። ስለዚህ ሰራተኛው ስራውን የሚከላከልበት የመጀመሪያው ቦታ ያ ኮሚቴ ነው፣ እሱ ደሞ ወረቀት ላይ ብቻ ከተሰበሰበ ምን ቀረው። ድሮ እኮ ዋርካ ስር "በላ ልበልሃ" ሲባል ከሳሽም ተከሳሽም ቆሞ ነው የሚሟገተው፣ ማንበብ የማይችሉ አባቶቻችን ያልነፈጉትን ነገር ዲግሪ ያለን ሰዎች ነፈግን።

ትልቅ ነገር አልጠይቅም። የኦዲት ግኝቱ ሙሉው ከክሱ ጋር ይሰጥ፣ "ጉድለት አለብህ" የሚል አንድ መስመር አይበቃም፣ የትኛው ቀን፣ የትኛው ደረሰኝ ቁጥር። ኦዲተሩም መጥቶ ይጠየቅ፣ እሱም ሰው ነው ይሳሳታል። እንዲህ ሲደረግ ሌባውም አያመልጥም፤ ስርአት ሳይከበር የተባረረ እውነተኛ ሌባ የአስተዳደር ፍርድ ቤት ሄዶ በስርአት ጥሰት ብቻ ሲመለስ አይቻለሁ፣ ጠረጴዛው ላይ ተመልሶ ሲቀመጥ ሁላችንም አንገታችንን ደፋን።

ያቺ እህቴ ይሄን ካነበበች፣ ቃለ ጉባኤውን የጻፍኩት እኔ ነኝ። ኮሚቴው አልተሰበሰበም፣ አንቺም አልተጠየቅሽም፣ የትም ቢሆን ቀርቤ ይሄንኑ ቃሌን እሰጣለሁ።

ስሜና አድራሻዬ በዝግጅት ክፍሉ ዘንድ ይቆይልኝ።

አክባሪያችሁ፣ ከአዲስ አበባ