ምስሉ ይሮጣል

ይድረስ ለልጄ፣

እንዴት ነሽ አንቺ? እኛ ደህና ነን። ሙቀቱ ያው ነው። እናትሽ ጠዋት ከከፊራ ገበያ ስትመለስ ላብ በላብ ሆና ነው የምትገባው።

የላክሽልኝን ቪዲዮ አይቻለሁ። «ተበላሽቷል፣ ድገሚና ላኪው» ብዬ ስደውል የሳቅሽብኝን አልረሳሁም። ምን ላድርግ? መጋላ ሱቄ ቁጭ ብዬ ሠላሳ ዓመት ያከምኩት በሽታ ነው። ደንበኛው ቲቪውን በጋሪ ጭኖ ይመጣና «ምስሉ ይሮጣል» ይለኛል።

ለምን እንደሚሮጥ ነግሬሽ አላውቅም መሰለኝ። የድሮ ቲቪ ምስሉን የሚስለው መስመር በመስመር ነው፤ ከላይ ወደ ታች፣ በሰከንድ 50 ጊዜ። ታች ሲደርስ «ተመለስ» የሚል ምልክት ከጣቢያው ይመጣለታል። ሁለቱ ካልተግባቡ ምስሉ ቦታው ላይ አይቆምም። ጥቁር አግዳሚ መስመር እየጎተተ ይሮጣል። እዚህ ድሬ ብዙ ጊዜ ጥፋተኛው ሙቀቱ ነበር፤ ኤሌክትሪክ የሚያጠራቅመውን ዕቃ፣ ኮንደንሰሩን ያደርቀዋል። ምስሉን የምታቆመዋን ቁልፍ፣ ቪ-ሆልዷን ነካ ታደርጊያለሽ፣ እምቢ ካለ ኮንደንሰር ትቀይሪያለሽ። አለቀ።

ይቺ የላክሽልኝን ቪዲዮ የሠራችው፣ ጆአን ጆናስ ያልሽኝ አሜሪካዊት አርቲስት ግን ሆን ብላ ታበላሸዋለች! ያውም በፈረንጆቹ 1972። ካሜራውንና ቲቪውን አጣልታ፣ የሚሮጠውን ስክሪን በሌላ ካሜራ ትቀርጻለች። እውነቱን ልንገርሽ፣ መጀመሪያ ተናደድኩ። በዚያ ላይ ማንኪያ ይዛ የምትደበድበው ድብደባ። እናትሽ «አቦ ዝጋልኝ!» ብላ ወጣች።

በማግስቱ ብቻዬን ደገምኩት። ከምሳ በኋላ፣ ሰፈሩ በርጫ ላይ ሆኖ ጭር ሲል። ያኔ እግሯን አየሁት። ትዘላለች፤ ስታርፍ ጥቁሩ መስመር ላይ ያረፈች ነው የሚመስለው። ይሄ እንዲሁ አይመጣም፣ ሰዓት የያዘ ሰው ሥራ ነው። መጨረሻ ላይ ደግሞ ጭንቅላቷ ከስክሪኑ ፊት ብቅ ይላል። ከኋላዋ ምስሉ ይሮጣል፣ እሷ ግን ቁጭ ብላለች። እኔ ያንን መስመር ሳጠፋው ኖሬ አንድም ቀን አስተውዬ አላየሁትም። ሃያ ደቂቃ ግን ይበዛል። አሥር ይበቃት ነበር።

በ1970 ጃፓን ሄዳ ሶኒ ፖርታፓክ የሚባለውን በእጅ የሚያዝ ቪዲዮ መቅረጫ ገዛች ያልሽኝንም ወድጄዋለሁ። ድሮም ሶኒ ጥሩ ዕቃ ነው።

አንድ ነገር ደብቄሻለሁ። አምና ከዚራ ሰፈር ዛፉ ሥር ለትርኢትሽ ቲቪ ተሸክመሽ የቆምሽ ለታ፣ ሰው «ልጅህን ምን ነካት?» ሲለኝ «ማስታወቂያ እየሠሩ ነው» ብዬ ዋሸሁ። አንቺን እያየሁሽ፣ ከመንገዱ ማዶ ቆሜ።

ለለገሃሩ ትርኢት የጠየቅሽኝን ቲቪዎች አዘጋጅቻለሁ። ሦስት ናቸው፣ ሦስቱም በባቡር ከጅቡቲ የገቡ። አዲሱ ፍላት ስክሪን ላይ ይሄ በሽታ የለም፣ ሰው ላውስሽ ቢልሽም እንዳትቀበይ። ሁለቱ ምስላቸው ቀጥ ብሎ ይቆም ነበር። ትናንት ቁጭ ብዬ አበላሸኋቸው። አንደኛው እስከ ማታ አስቸገረኝ፤ ቪ-ሆልዱን ባዞር ባዞር ተመልሶ ይቆማል።

ስትመጪ ታዲያ እኔ ሳልኖር የኋላ ክዳናቸውን እንዳትከፍቺ። ከሶኬት ቢነቀልም የምስሉ ቱቦ ኤሌክትሪክ ይዞ ይቆያል። በተለይ ቀዩን ሽቦ እንዳትነኪ፣ ሰው ይጥላል።

አባትሽ
ድሬዳዋ