ይድረስ ለእህት ዓለም፤ ከደሴ

እንደምን ከረምሽ ብዬ ብጀምር ራስሽ ትስቂብኛለሽ፤ ሦስት ዓመት ሙሉ ጠፍቶ «ከረምሽ» የለም። የላክሽልኝን የድምፅ መልእክት ሰምቼዋለሁ፣ ያውም ሦስቴ። ማታ እመልሳለሁ አልኩ፣ ማታው ሳምንት ሆነ፣ ከዚያ አፈርኩ። በቃ አውፍ በይኝ፤ ስድቡን ስንገናኝ ትጨርሽዋለሽ። ደግሞ ናፍቆት ብቻ ያስጻፈኝ እንዳይመስልሽ። ቸግሮኝ ነው።

ችግሬ ትልቋ ልጄ ናት። ጀርባሽ ላይ ያዘልሻት ልጅ 15 ዓመት ሞላት፤ ቁመቷ ካንቺ በልጧል (ለዚያ እንኳ ብዙ መድከም አላስፈለጋትም)። ጎህ ሲቀድ ተነስታ የጦሳን ዳገት በሩጫ ትወጣለች፣ ከትምህርት መልስ ደግሞ ኳስ። ማታ ታኬታዋን በአሮጌ የጥርስ ብሩሽ ፈትጋ ከከሰል ምድጃው አጠገብ ታሰጣዋለች። የቀኙ አፉን ከፍቶ ስለነበር በወስፌ ሰፍታዋለች። ቡና ሳፈላ ዕጣኑና የታኬታው ሽታ ሲቀላቀል... ተይው።

ባለፈው ሳምንት አሰልጣኟ «ወይ ሩጫ፣ ወይ ኳስ፤ ምረጪ» አላት። ሰውየው ክፉ አይደለም፣ ጉልበቷ ያልቃል ብሎ ፈርቶላት ነው። እኔም አፌ አያርፍ፣ «ሁለት እግር አለኝ ተብሎ ሁለት ዛፍ ላይ አይወጣም» አልኳት። ዝም ብላ ገብታ ስልኬን ይዛ ወጣች። ማንን ብታሳየኝ ጥሩ ነው? ያንቺኑ የሲድኒ ልጅ፣ ኤሊስ ፔሪን!

እዚያ ስትኖሪ ስለዚች ልጅ አንድ ቀን አልነገርሽኝም፤ ይሄ ያንቺ ጥፋት ነው። በፈረንጆቹ 2007፣ ገና 16 ዓመቷ ሳለ፣ ሁለት ሳምንት ባልሞላ ጊዜ ውስጥ መጀመሪያ ለአውስትራሊያ የክሪኬት ቡድን፣ ቀጥላ ለእግር ኳሱ ተሰለፈች። በ2011 ጀርመን ላይ በዓለም ዋንጫ ሩብ ፍጻሜ ስዊድን ላይ በግራ እግሯ ያገባችውን ጎል ልጄ ስንት ጊዜ እንዳሳየችኝ አልቆጠርኩም። 3 ለ 1 ተሸንፈው መውጣታቸው ለእሷ ምኗም አይደለም።

ክሪኬቱ መጀመሪያ አልገባኝም። ዱላና ኳስ ሳይ የእኛው የገና ጨዋታ መስሎኝ ነበር። አንዷ ትወረውራለች፣ ሌላዋ በዱላ ትመታለች፣ ኳሱ መሬት ለመሬት ሄዶ ከሜዳው ጠርዝ ከደረሰ አራት ይቆጠራል። በ2010 ባርቤዶስ ላይ የዓለም ዋንጫ ፍጻሜ ነው (አጭሩ ዓይነት፣ ሃያ ሃያ የሚሉት)፤ ከኒውዚላንድ ጋር። አንድ ኳስ ቀርቷል። ኒውዚላንዶች አራት ቢያገቡ እኩል ናቸው። ወርዋሪዋ ፔሪ ናት። መቺዋ ኳሱን ቀጥታ ወደ እሷው መልሳ አጎነችው። በእጇ አልደረሰችበትም፤ እግሯን ዘርግታ መለሰችው! በ3 ነጥብ አሸነፉ። «አየሽ እማ፣ ክሪኬቱን ያዳነው የኳስ እግሯ ነው» አለችኝ። ምን ልበል?

በማግስቱ ደግሞ ታናሽ ወንድሟን የመጥረጊያ እንጨት አስይዛ፣ የካልሲ ኳስ ጠቅጥቃ፣ ያንኑ ጓሮ ውስጥ ልታሳየኝ። እግሯን ዘረጋች፣ ኳሱ ነጠረ፣ ጀበናዬ አንገቱ ተቀነጠሰ። አቦሉን ጠጥተን ቶናው ገና ሳይፈላ! ጎረቤቶቼ በሳቅ ሞቱ፤ እኔ ግን መሳቅም መቆጣትም አቃተኝ።

በኋላ ለብቻዬ ሳነብ ፔሪንም በ2012 ክለቧ ኳሱን እንድታስቀድም አስጨንቋት፣ ትታው ሌላ ክለብ መግባቷን አየሁ። ውሎ አድሮ ግን ኳሱ ቀርቶ ክሪኬቱ ነው የያዛት። ለልጄ «አየሽ፣ እሷም መጨረሻ ላይ መረጠች» ስላት «ሲበቃት መረጠች፤ በ15 ዓመቷ አይደለም» አለችኝ። ይህቺ ልጅ በማን ወጣች?

እዚህ ላይ ነው አንቺ ትዝ ያልሽኝ። እንዴት እንደምጽፈው... መምህሩ «ወይ መረብ ኳስ፣ ወይ ሩጫ» ያሉሽ ጊዜ፣ እኔ ነኝ አይደል «ሩጫውን ያዢ፣ ያዋጣሻል» ያልኩሽ? ላንቺ ብዬ አልነበረም። የአቀባይነቱን ቦታሽን ፈልጌው ነው። ሩጫውም በዓመቱ ቀረብሽ፣ እኔ ያንቺን ቁጥር 7 መለያ ለብሼ ኮምቦልቻ ድረስ ሄጄ ተጫወትኩ። ስመለስም አጨብጭበሽ ተቀበልሽኝ፣ አንቺ ሞኝ። ይኸው፣ ተናገርኩት። ወላሂ እጄ እየተንቀጠቀጠ ነው።

ስለዚህ አሁን «ምረጪ» ለማለት አፍ የለኝም፣ «ሁለቱንም ያዢ» እንዳልላትም ጉልበቷን እፈራለሁ። ሰኞ ለአሰልጣኙ መልስ ትሰጣለች። እባክሽ አንቺ አናግሪያት። እሁድ በእኛ ከቀኑ ዘጠኝ ሰዓት ላይ ሁላችንም ቤት ነን፣ እናንተ ጋ መሽቷል። ኔትወርኩ ከተቆራረጠ ደጋግመሽ ሞክሪ። አዲስ ጀበና ገዝቻለሁ፤ ከታኬታው ራቅ አድርጌ አፈላለሁ።

ስለ መረብ ኳሱ ነገር ለልጅቷ እንዳትነግሪያት። ወይም ንገሪያት። እኔ እንጃ፣ እንዳየሽ።

ያንችው፣ ጠፊዋ